HOU 7ን ፍለጋ፦ ከአዋሽ እስከ ሰመራ

ዓርብ፣ ንጋት 11 ሰዓት ተኩል፣ አዋሽ ሰባት ኪሎ

ገና ሳይነጋ ይሞቃል። መናኸሪያው ውስጥ ቆሜ ኪሴን በየደቂቃው እዳብሳለሁ። ኪሴ ውስጥ ያለችው የክብሪት ቤት የምታክል ጥቁር ዕቃ የአጎቴ የጋሽ በቀለ ፍሪጅ ሞተር ማስነሻ ናት። ጋሽ በቀለ ዕድሜያቸውን በባቡር ጣቢያው አገልግለው ጡረታ የወጡ ሰው ናቸው፤ ስኳር አለባቸው። ፍሪጁ ከቆመ አራት ቀኑ ነው። ኢንሱሊናቸው በእርጥብ ጨርቅ በተጠቀለለ ገንቦ ውስጥ ተቀምጧል። ነርሷ «በዚህ ሙቀት ብዙ ቀን አትመኑት» ብላቸዋለች፤ የሚቀጥለውን የሚወስዱት ደግሞ ከወር በኋላ ነው። እኔ ልጠይቃቸው ነበር ከአዲስ አበባ የመጣሁት፤ የዛሬው ጉዞዬ ግን ለሽርሽር አይደለም።

ፍሪጁን ያየው የሰፈሩ ጠጋኝ ደሳለኝ ነው። ምን እንደተማረ የሚያውቅ የለም፣ ሁሉም ግን «ኢንጂነር» ይለዋል። ትናንት ይህችን ዕቃ ነቅሎ አወጣ፣ ገለበጣት፣ ጀርባዋ ላይ በነጭ ቀለም የተጻፈውን አነበበ፦ HOU 7።

«ተቃጥሏል» አለ።

«HOU ምንድን ነው?»

«ሞዴሉ ነዋ! የሆላንድ ነው፤ አሁን አይመረትም። ሰመራ ግን የጅቡቲ ዕቃ ስለሚገባ አይጠፋም። ቁጥሩን እንዳትሳሳት! ስድስት ካመጣህ ሞተሩን ይበላዋል።»

ጋሼ ፍሪጁን ያገለገለ ሆኖ የገዙት ከደላላ ነው፤ መመሪያ የሚባል ነገር የለውም። ስልኬ ላይ HOU ብዬ ስፈልግ አንድ የአሜሪካ አውሮፕላን ማረፊያና የሴት ጫማ መጣልኝ። የቸገረው እርጉዝ ያገባል ይባላል። ተሳፈርኩ።

ረፋድ 3 ሰዓት፣ ገዋኔ

መንገዱን የያዙት ከባድ መኪኖች ናቸው። ወደ ጅቡቲ ድንበር ወደ ገላፊ የሚወርደው ባዶውን ይንጓጓል፤ ከጅቡቲ የሚመጣው ተጭኖ ያቃስታል። ግራና ቀኙ ቁጥቋጦ ነው፤ አልፎ አልፎ ግመሎች አስፋልቱን በራሳቸው ሰዓት ይሻገራሉ፣ ሾፌርም ይጠብቃል። የታሸገ ውሃ ዋጋ ከአዋሽ በራቅን ቁጥር ይጨምራል፣ ቅዝቃዜው ደግሞ ይቀንሳል።

የሚኒባሳችን ሾፌር ሰይድ የወሎ ሰው ነው። ለቁርስ ስንቆም ዕቃዋን አሳየሁት። በሁለት ጣቱ ይዞ ወደ ፀሐይ አነሳት።

«ወላሂ ይቺን አውቃታለሁ! ገላፊ ስመላለስ የነዳሁት መኪና ላይ ነበረች።»

«የፍሪጅ ናት እኮ።»

«የፍሪጅም ትሆናለች፣ የመኪናም ትሆናለች። ጀርመኖች እኮ አንድ ነገር ለሁሉም ነው የሚሠሩት።»

አዋሽ ላይ ሆላንድ የነበረችው ገዋኔ ላይ ጀርመን ሆነች። ኋላ የተቀመጠ ተሳፋሪ ደግሞ ተቀብሎ አሸተታትና «ቻይና ነው» ብሎ ፈረደ። በዚህ አገር «አላውቅም» የሚል ሰው ለማግኘት ከገዋኔም በላይ መሄድ ያስፈልጋል።

ቀትር፣ ሰመራ

ሰመራ ዛፍ ሳትተክል መስታወት የተከለች ከተማ ናት። ቢሮዎቹ ፀሐዩን ተቀብለው መልሰው ፊታችን ላይ ይወረውሩታል። ነፋሱ የተከፈተ የዳቦ ምድጃ ፊት የቆምኩ አስመሰለኝ።

መጀመሪያ ያገኘሁት ኤሌክትሮኒክስ ሱቅ ገባሁ። ስጠይቀው ሻጩ ከስልኩ ቀና ሳይል፣ «HOU 7 አልቋል» አለኝ። ልቤ ዘለለ። ስሙን የሚያውቅ ሰው!

«መቼ ይገባል?»

«ስምንቱ ሰኞ ይገባል። ስድስት አሁን አለ፤ ልስጥህ?»

«ስድስት ሞተር ይበላል አሉኝ።»

«የድሮው ነው የሚበላው። አዲሱ ስድስት አይበላም።»

ሁለተኛው ሱቅ «ከዱባይ ይታዘዛል፤ ቀብድ» አለኝ። ሦስተኛው ጋ ስደርስ የጁምዓ ሰዓት ሆነና በሩን ዘጋብኝ። ተናደድኩ። በሻጮቹ ሳይሆን በራሴ ነው የተናደድኩት፤ ለስድስቱ እጄ ወደ ኪሴ ሄዶ ነበርና። ስልክ ደወልኩ። ጋሼ «ገንቦውን እያራስኩት ነው፣ አታስብ» አሉኝ፤ ድምፃቸው ግን ደክሟል።

ጠኔው ሲብስብኝ አንዲት ምግብ ቤት ገብቼ፣ ጾም ስለነበር ፉል አዘዝኩ። ፕላስቲክ ወንበሩን ስስብ በጀርባው የተጻፈውን አየሁ፦ HOU 12። የጎኑ ወንበር HOU 13። ውሃ የመጣልኝ ጆግ ቂጡ ላይ HOU 31። በሙቀቱ አእምሮዬ ተነካ መሰለኝ።

«እማማ» አልኩ የምግብ ቤቱን ባለቤት፣ ነጠላቸውን ያጣፉ ትልቅ ሴት ናቸው። «ወንበሩም የሆላንድ ነው እንዴ?»

«የምን ሆላንድ?»

ዕቃዋን አውጥቼ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥኩ። መነጽራቸውን ፈልገው አደረጉና ለረጅም ጊዜ አዩዋት። ከዚያ አጠገባቸው ያለውን ወንበር ይዘው እንባቸው እስኪፈስ ድረስ ሳቁ።

«ሱብሃነላህ! ኧረ ልጄ፣ በአማርኛ አንብበው! ዘ፣ ዐ፣ ሀ። ዘይነብ ዐብዱ ሀሰን። እኔ እኮ ነኝ!»

ደግሜ አየሁት። H ያልኩት ዘ ነው። O ያልኩት ዓይኑ ዐ ነው። U ያልኩት ሀሌታው ሀ ነው። ፊደል የቆጠርኩ ሰው ነኝ፤ በገዛ ፊደሌ የተጻፈ የሴትዮ ስም ይዤ ከሆላንድ እስከ ዱባይ ዞርኩ። ላም ባልዋለበት ኩበት ለቀማ ማለት ይኼ ነው።

«ሰባቱስ?»

«አዋሽ ሻይ ቤት ነበረኝ። አንድ ሠሪ ነበር፣ ኢንጂነር ነው ይሉታል፤ ፍሪጄን ባሳየሁት ቁጥር ደህናውን አውጥቶ አሮጌ ይከትብኛል። ኋላ ብልቱን ሁሉ ቆጥሬ ስሜን ጻፍኩበት። ሰባተኛዋ ይቺ ናት፤ ከዚያ ወዲህ ወንበሩንም ጆጉንም እንዲሁ ነው የምቆጥረው። ወደዚህ ስመጣ ነው ፍሪጁን ለደላላ የሸጥኩት።»

ለማን እንደምፈልጋት ስነግራቸው ሳቃቸው ቆመ። «ስኳር? ያ አላህ!» ብለው ከጁምዓ ተመልሶ ጥግ ላይ ሻይ የሚጠጣውን ሰው ጠሩ። «ዓሊ፣ እስቲ ና!» ዓሊ የአፋር ተወላጅ ነው፤ ከጎናቸው የማቀዝቀዣ መጠገኛ አለው። መለኪያውን አምጥቶ ነካካት። ከዚያ በትንሽ ብርጭቆ ወረቀት ሁለት ሦስት ጊዜ አሻት፣ እንደገና ለካት።

«ደህና ናት» አለ።

«ተቃጥላለች ተብዬ ነው የመጣሁት!»

«ጫፏ ዝጎ ነው። አሁን ትሠራለች።»

ከአዋሽ ከወጣሁ ጀምሮ የሰማሁት አጭሩ መልስ ይኼ ነበር። ሐጃ ዘይነብ የፉሉንም ሂሳብ እምቢ አሉኝ፤ «ሰውየው ይዳንልኝ» ብለው ሸኙኝ።

ቅዳሜ፣ ከሰዓት በኋላ፣ አዋሽ

መንገዱን በሙሉ ለደሳለኝ የምለውን ሳዘጋጅ መጣሁ። ገዋኔ ላይ ስድብ ነበር፤ አዋሽ ስደርስ ወደ ምፀት አሻሽዬዋለሁ። ጋሼ ቤት ስገባ እሱ ፍሪጁ ፊት ቁጢጥ ብሎ ይጠብቀኛል። ዕቃዋን ሰጠሁት። ገለበጣት።

«HOU 7! ይኸውልህ! አላልኩህም ሰመራ አይጠፋም?»

መልሶ ገጠማት፣ ሶኬቱን ሰካ። ሞተሩ ተንቀጠቀጠና ዝግ ብሎ ማንጎራጎር ጀመረ። ደሳለኝ ጆሮውን አስጠግቶ ዓይኑን ጨፈነ።

«ሰማህ? ኦርጅናል ሲሆን ድምፁ ራሱ ይለያል።»

አፌን ከፈትኩ። ጋሽ በቀለ ክንዴን ጨበጡኝ። ደሳለኝን አመስግነው፣ ሁለት ጊዜ እግዜር ይስጥልን ብለው፣ እስከ በር ድረስ ሸኙት። ተመልሰው ብልቃጦቹን ከገንቦው አወጡ፣ በጨርቅ አደረቁ፣ አንድ በአንድ ፍሪጁ ውስጥ ደረደሩ።

«ጋሼ፣ ያው የራሳችን ዕቃ ናት እኮ! አልተቃጠለችም ነበር። የፍሪጁን የቀድሞ ባለቤት ዕቃ ሲለዋውጥ የኖረውም እሱ...»

«ገብቶኛል» አሉ በሩን ቀስ ብለው እየዘጉ። «አንተ ነገ አዲስ አበባ ትገባለህ። ይኼ ሞተር እንደገና የቆመ ቀን እኔ የማንኳኳው የእሱን በር ነው።»