የአቶ ላምቤቦ ጠርሙስ

በጃንሆይ ዘመን ሆሳዕና ተመድቤ ስሠራ፣ ከአዲስ አበባ ይዣቸው የመጣሁ ሁለት ሱሶች ነበሩኝ፤ ጋዜጣ ላይ የሚወጣው መስቀለኛ ቃላትና ወይን ጠጅ። ለቃላቱ ጎረቤቴ አቶ ላምቤቦ የሚባሉ መምህር ነበሩልኝ። ወይኑ ግን የብቻዬ ነው፤ ሰውዬው የሚሲዮን ምእመን ስለሆኑ መጠጥ አይቀምሱም። ብርጭቆውን አዙሬ ሳሸት፣ አፌ ውስጥ አቆይቼ ዓይኔን ጨፍኜ ስውጥ ግን ትክ ብለው ያዩኛል።

አንድ እሑድ «በእሳት የሚጠነክር፣ ሦስት ፊደል» የሚለው አላፈናፍን አለኝ።

«ሸክላ ነዋ!» አሉ አቶ ላምቤቦ።

ከደስታዬ ብዛት ያልተከፈተ የወይን ጠርሙስ አስታቀፍኳቸው። አመስግነው ይዘውት ሄዱ። ምን እንዳደረግኩ የገባኝ በሩን ከዘጋሁ በኋላ ነው። የሚቀጥለው እሑድ ጋዜጣው መጣ፤ እሳቸው ቀሩ። በከተማው ሌላ የቃላት ጓደኛ አልነበረኝም፤ ያን ቀን አንዱንም መስመር ሳልሞላ ዋልኩ።

በማግስቱ ያው ጥቁር ጠርሙስ እስከ አፉ እንደሞላ ይዘው ከች አሉ። ወይኑን ሳይነኩ የመለሱልኝ መስሎኝ ይቅርታ እደረድር ጀመር።

«ኧረ ወተት ነው!» አሉኝ። «ሀቢቾ ገጠር ለቅሶ ሄጄ ነው የዘገየሁት። እኛ ዘንድ የሰው ዕቃ ባዶውን አይመለስም።»

«ወይኑስ?»

«እሱንማ ለመስቀል ለምናደልበው በሬ ሰጠነው።»

«ጠጣው?»

«መጀመሪያ አሸተተው። ከዚያ አፉ ውስጥ አቆይቶ፣ ዓይኑን ጨፍኖ ዋጠው። ልክ እንደ እርስዎ!»