ጫፉን ያልጠበቀው የተቃዋሚ መሪ

አዋጅ! ከምድር በላይ ያላችሁ፣ ከምድር በታችም ያላችሁ፣ የሰማችሁ ላልሰሙ አሰሙ፤ ሰምታችሁ ያልገባችሁ ግን ወዲህ ቀረብ በሉና ከእኛ ጋር ተቀመጡ፣ ቦታ ሞልቷል። የዊል ፕሩደንስ የመዳብ ጉድጓድ ልጅ፣ የሰፊው ሕዝብ አለኝታ፣ የበዝባዦች መብረቅ፣ የምክር ቤቱ የተቃዋሚ መሪ፣ የተከበሩ አቶ ጃቤዝ ትረጊር፣ ባርኔጣቸውን ደፍተውም ከአፈ ጉባዔው ጠረጴዛ እምብዛም የማይበልጡት ሰው፣ በታሪክ ተጠርተዋል። ታሪክ ሲጠራቸው ግን ሌላ ሰው የተጠራ መስሏቸው ወደ ኋላ ዞረው አዩ።

አንቱ ያልኩት ለአዋጁ ወግ ነው፤ ከዚህ በኋላ አንተ ነው። በዊል ፕሩደንስ አንቱ የሚባለው የጉድጓዱ አለቃ ብቻ ነው። እግዚአብሔርን እንኳ አንተ ነው የምንለው።

አባቶቻችን ከኮርንዎል ተሳፍረው ወደዚህ ደረቅ የደቡብ አውስትራሊያ ዳርቻ ሲመጡ ሦስት ነገር ይዘው መጡ፦ መዝሙር፣ ሥጋና ድንች የተጠቀለለበት ፓስቲ፣ እና የሻማውን ሕግ። ወደ ታች ሲወረድ ፊት የሚሄደው ሰው ባርኔጣው ላይ በጭቃ የተለጠፈ ሻማ አለው። ከኋላ ያለው እሱ የረገጠበትን ይረግጣል። ወዴት ነው ብሎ አይጠይቅም፤ ከሰልፉ ወጥቶም በራሱ መንገድ አይሄድም። ከመሬት በታች ከዚህ የተሻለ ሕግ የለም። የእኛ ጥፋት ሕጉን ወደ ላይ ይዘነው መውጣታችን ነው።

ጃቤዝ ደህና ቆፋሪ፣ መካከለኛ ሰባኪ፣ ግሩም ዘማሪ ነበር። ነገር ሲምታታበት በአፍንጫው መዝሙር ያንጎራጉራል። በወጣትነቱ እምብዛም አያንጎራጉርም ነበር። ፖለቲካ ከገባ በኋላ ግን ቤቱ ጸሎት ቤት መሰለ።

ፖለቲካ ያስገባው የወንድሙ ሞት ነው። ኤብነዘር ትረጊር ጣራ ተንዶበት ሞተ። ኩባንያው የሬሳ ሳጥን ላከ፣ የቆፋሪዎች ማኅበራችን መዘምራን ላከ፣ ሚስቱ ሎቭዴይም ሁለቱንም አመስግና ተቀበለችና ወንዶች ልጆቿን ይዛ ጃቤዝ ቤት ገባች። በዚያው ሳምንት፣ ሊጥ እያቦካች፣ ቀና ሳትል እንዲህ አለችው፦

“መዝሙሩ ደስ ይል ነበር፣ ጃቤዝ። ግን አይበላም።”

እሱም ይህን ቃል ወደ ማኅበሩ ወሰደ። ጣራ ለተናደበት ሰው ቤተሰብ ካሳ በሕግ ይከፈል አለ። በየስብሰባው አለ፣ በየሰርጉ አለ፣ ከስብከት መሀልም አለ። በመጨረሻ ማኅበራችን ሊያከብረው ይሁን ሊገላገለው እስከ ዛሬ ባልተጣራ ምክንያት፣ ለምክር ቤት አጨው። የሎቭዴይ ልጆች ጉድጓድ ሲገቡ አጎታቸው በባቡር ወደ ዋና ከተማ ሄደ።

የሠራተኛው ወገን አባላት እዚያ አምስት ብቻ ነበሩ። ሲመረጡ አንድ ቃል ኪዳን ፈርመዋል፦ አምስቱ ሁልጊዜ እንደ አንድ ሰው ድምፅ ይሰጣሉ፤ መሪው የሄደበት ይሄዳሉ። ከዚህ ቃል የወጣ አይጥ ይባላል። ይህ ስም አንዴ ከተለጠፈ የባሕረ ሰላጤው ውኃ በሙሉ አያጥበውም። ሌባ ንስሐ ይገባል፣ ሰካራም መጠጥ ይተዋል። አይጥ ግን እስኪሞት አይጥ ነው፤ ልጁም የአይጥ ልጅ ነው።

ያኔ ምክር ቤቱን ባለ በጎችና ነጋዴዎች ተራ በተራ ይገዙት ነበር። አንዱ መንግሥት ሲሆን ሌላው ይቃወማል፤ ሲደክማቸው ይቀያየራሉ። አንድ ቀን በእራት ግብዣ ላይ ከጠቦቱና ከወይን ጠጁ መካከል ጠላትነታቸው የት እንደገባ ጠፋባቸው፣ ፈልገውም አላገኙትም፣ ስለዚህ ተዋሃዱ። በማግስቱ ሁሉም ተነሥተው ወደ መንግሥት ወንበር ተሻገሩ። በወዲያኛው በኩል የቀሩት የእኛ አምስቱ ብቻ ሆኑ። በዕድሜ ትልቁ ጃቤዝ ነበር። አፈ ጉባዔው የተቃዋሚ መሪ ብሎ ጠራው፤ የሆነውን ከላይ በአዋጅ አስነግሬያለሁ።

እንዲህ ነው እንግዲህ የሠራተኛው መደብ ታሪካዊ ድል የተገኘው። ሌሎቹ ወንበር ስለቀየሩ።

ለጃቤዝ ምድጃ ያለው ክፍልና ቁልፍ ተሰጠው። ምን እንደሚቃወም ግን የነገረው የለም። በዚያ ላይ አዲሱ መንግሥት ለምርጫ ሲል ጃቤዝ ራሱ ዘመኑን ሙሉ የለመነውን የካሳ ሕግ አረቀቀ። ሠራተኛ በፋብሪካ፣ በወደብ፣ በባቡር መንገድ፣ በማዕድን ጉድጓድ ቢሞት ቤተሰቡ ካሳ ያገኛል ይላል ረቂቁ። ጃቤዝ ደገፈ። ጋዜጦቹ ሳቁበት፦ የሚደግፍ ተቃዋሚ መሪ ምን ያደርጋል? ከማኅበራችን የዊል ፕሩደንስ ቅርንጫፍም ወቀሳ ደረሰው፤ መቃወም ካልቻልክ ወንበሩን ለሚችል ልቀቅ የሚል። ሰውየው ሲያንጎራጉር ሰነበተ። ምንም ይሁን ምን በሚቀጥለው ጊዜ እቃወማለሁ ብሎ ለራሱ ቃል ገባ።

የሚቀጥለውም ጊዜ መጣ። ስትራንግ የሚባል የበግ ጌታ ተነሣና “በማዕድን ጉድጓድ” የሚሉት ቃላት ከረቂቁ ይውጡ አለ። ጉድጓድ ውስጥ የሚገባ ሰው አደጋውን አውቆ ነው የሚገባው፣ ካሳው ኩባንያዎቹን ያሸሻል፣ ወዘተርፈ። የጃቤዝ ደም ፈላ። አምስቱ በምድጃው ክፍል ተሰብስበው ማሻሻያውን ሊጥሉ ተስማሙ። የመንግሥት ወገን እኩል ለእኩል ስለተከፈለ ሚዛኑ በእነሱ እጅ ነበር።

እዚህ ላይ የዚያን ቤት አንድ ልማድ ልንገርህ። አንድ ሰው ቃል ይውጣ ሲል አፈ ጉባዔው “ይውጣ?” ብሎ አይጠይቅም። ያ ለተራ ሰው ነው። እሱ ተነሥቶ፣ ጉሮሮውን ጠርጎ፣ እንዲህ ይላል፦ “ከረቂቁ እንዲወጡ በተከበሩ አቶ ስትራንግ የተጠየቁት፣ በማዕድን ጉድጓድ የሚሉት ቃላት፣ ባሉበት ይቆዩ። ይሁን የምትሉ በቀኝ፣ አይሁን የምትሉ በግራ።” ነገሩ ያለው ጫፉ ላይ ነው። ጫፉን ደግሞ ደሙ የፈላ ሰው አይጠብቅም።

ጃቤዝ “እንዲወጡ” የምትለውን ሲሰማ ወንበሩን ለቆ ነበር። “አይሁን!” አለ፣ በዚያ በመዘምራን ድምፁ፣ መስኮቱ እስኪንቀጠቀጥ። ወደ ግራም ሄደ። የሻማው ሕግ ነውና ሦስቱ ተከትለው ሄዱ። አንደኛው በኋላ እንደነገረን፣ መንገድ ላይ ስህተቱ ገብቶት ነበር፤ ግን ከታየው ገደል ይልቅ ከፊቱ ያለው ጀርባ አሳመነው። በግራ በኩል ስትራንግ አገኛቸውና ቦታ ለቀቀላቸው።

አምስተኛው ኦስዊን ፊንች ነበር። የማተሚያ ቤት ፊደል ለቃሚ፣ ራሱን የሚወድ፣ ሰው ሲናገር ስህተቱን እያረመ የሚያዳምጥ ዓይነት። ፊደል ለቃሚ መስመሩ እስኪያልቅ አይንቀሳቀስም። ፊንች ጫፉን ሰማ፣ ብቻውን ወደ ቀኝ ሄደ፣ ባለ በጎች መሀል እጁን አጣጥፎ ቆመ።

ቃላቱ ወጡ። በእኛው ሰዎች ድምፅ። በረቂቁ መሠረት ከወንበሩ የወደቀ ጸሐፊ ካሳ ያገኛል፣ ከመሬት በታች ተራራ የወደቀበት ሰው አያገኝም።

ወሬው በቴሌግራም ቀድሞት ደረሰ። ሎቭዴይ ባቡር ጣቢያው ላይ ቆማ ጠበቀችው።

“ተቃወምክ አሉ።”

“ተቃወምኩ።”

“ምኑን?”

“መውጣቱን።”

“ታዲያ ለምን ወጣ?”

ሻንጣውን መሬት አስቀመጠ። እሱ አይሁን ማለቱን፣ እነሱ ግን የጠየቁት ይቆይ ብለው መሆኑን ለማስረዳት ሞከረ። ሁለት ጊዜ ጀምሮ ሁለት ጊዜ ጠፋበት።

“የጠየቁህን ሳትሰማ ነዋ የመለስከው” አለች።

“ግማሹን ሰምቻለሁ።”

“ልጆቼ ግን ግማሽ ግማሽ አይደሉም የሚወርዱት፣ ጃቤዝ።”

ከዚያ ከጣቢያው እስከ ቤት ያንን የአፈ ጉባዔ ጥያቄ እንደ መዝሙር ስንኝ እየደጋገመ እንዲያሰማት አደረገችው። ስታቦካም ለራሷ ስትለው ጎረቤት ሰምቷል።

ተስፋው አልሞተም ነበር። ረቂቁ በሚቀጥለው ሳምንት ለመጨረሻ ጊዜ ይነበባል፤ ያኔ አንድ ሰው ተነሥቶ ቃላቱ ይመለሱ ብሎ መጠየቅ ይችላል። ሦስቱ ተከታዮች ከተመረጡ ጀምሮ አፋቸውን ከፍተው አያውቁም፣ ለማዛጋት ካልሆነ። የሚጠይቀው ወይ ጃቤዝ ነው ወይ ፊንች። ከማኅበሩ የተሰረዘ ደግሞ የምክር ቤት ወንበሩን ያጣል፤ ከሁለቱ አንዳቸው እንኳ አባል ሆነው ካልተመለሱ የሎቭዴይ ልጆች ያለ ሕግ ይወርዳሉ ማለት ነው።

ይህን ያህል ታሪካዊ ወቅት ላይ ቆሞ ንቁው የዊል ፕሩደንስ ቅርንጫፍ ምን አደረገ? ሁለቱንም ለማባረር ቅዳሜ ከሰዓት በጸሎት ቤቱ አዳራሽ ተሰበሰበ።

መጀመሪያ ፊንች ቀረበ። ወንበሩ ላይ ማን እንዳስቀመጠው ያልታወቀ ቁራሽ አይብ ነበር። አይቡን አንሥቶ መስኮት ላይ አኖረና፣ ለጉድጓዱ ሰው በትክክል ድምፅ የሰጠሁ እኔ ብቻ ነኝ አለ። ሰብሳቢው ኤኖክ ፔንግሊ በሐዘን ተመለከተው።

“ብቻህን ልክ ከምትሆን ከሁላችን ጋር ብትሳሳት ይሻልህ ነበር፣ ወንድም ፊንች።”

አዳራሹ አጨበጨበ። እጅ ወጣ፤ ፊንች ተባረረ። የፈለግነውን ስላደረገ አይጥ ተባለ። ባርኔጣውን አድርጎ፣ አንድ የሰዋስው ስህተት አርሞልን ወጣ።

ቀጥሎ ጃቤዝ። ሻማ ይዞ ገደል የከተተንም ይባረር አለ አንድ ሽማግሌ፣ ስሙ ይሰረዝ። ሁሉም ተስማማ። ኤኖክ ግን ለእንዲህ ያለ ቀን ያስቀመጠው ነገር ነበረው። ጃቤዝ ገና የተመረጠ ሰሞን የምክር ቤቱን አጠያየቅ በወረቀት ጽፎ እንደ ስጦታ ልኮለት፣ ኤኖክ በቃሉ አጥንቶታል። ቅርንጫፋችን ከማንም ምክር ቤት አያንስም አለ፣ ተነሣ፣ ጉሮሮውን ጠረገ።

“ከማኅበራችን አባልነት እንዲሰረዝ የተጠየቀው…”

እግር መሬቱን ይደበድብ ጀመር።

“…የወንድም ጃቤዝ ትረጊር ስም…”

ከኋላ፣ ከልጆቿ መሀል፣ ሎቭዴይ ተነሣች። “ይሁን” አለች።

የሟች ሚስት ተናገረች። ከዚህ በላይ ማን ሊጠብቅ? አዳራሹ በሙሉ ይሁን ብሎ ጮኸ፤ ቆርቆሮ ጣራው አስተጋባ። በዚያ ጩኸት መሀል ኤኖክ “…ባለበት ይቆይ” ብሎ ጨረሰ። አይሁን የምትሉ ሲል ማንም ትንፍሽ አላለም። ኤኖክ አዳራሹን አየ፣ ጣራውን አየ፣ ፊቱ የመዳብ ድንጋይ መስሎ አረንጓዴ ሆነ። የተወሰነ ተወሰነ ብሎ ጠረጴዛውን መታ። እኛም ጃቤዝን አባረርን ብለን ደስ ብሎን ወደየቤታችን ሄድን።

ኤኖክ ጃቤዝን በር ላይ ደረሰበት።

“አልተባረርክም መሰለኝ።”

“ማን አለ?”

“ሁሉም።”

“ሁሉም ይባረር ነው ያሉት።”

“እሱንም ብለዋል” አለ ኤኖክ።

ሎቭዴይ አውቃ ነው ወይስ ተናዳ? የጠየቃት ሁሉ እጇን ሊጥ ውስጥ ነው የሚያገኘው፤ እጄን ሳልታጠብ አላወራም ትላለች፣ አትታጠብም። ጃቤዝን ግን ሻንጣውን አስይዛ ባቡር ላይ አወጣችው። ፓስቲ ሰጠችው፣ ጫፉን ጠብቅ አለችው።

በመጨረሻው ንባብ ጃቤዝ ቃላቱ ይመለሱ አለ። አፈ ጉባዔው ረጅሙን ጥያቄ አነበበ። ጃቤዝ አልተንቀሳቀሰም። እስኪያልቅ ቆመ፣ ትንሽ አንጎራጎረ፣ ከዚያ ጠየቀ፦

“ክቡር አፈ ጉባዔ፣ ይሁን ካልኩ ቃሉ ይገባል ነው ወይስ ይወጣል?”

ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። ሳቁ ሲበርድ ግን አንድ ሚኒስትር ጎኑ ያለውን ቀስ ብሎ ያንኑ ሲጠይቅ ተሰማ። አፈ ጉባዔው እንደ ሕፃናት አስረዳቸው። ስትራንግ እየሳቀ ስለነበር ማብራሪያው አመለጠው፤ ከነተከታዮቹ በቀኝ በኩል፣ ከጃቤዝ አጠገብ ተገኘ። በኋላ ከልቤ ነው ብሎ ለጋዜጣ ተናገረ። ቃላቱ ተመለሱ። ከዚያ ወዲህ በዊል ፕሩደንስ ጣራ የተናደበት ሰው ቤት፣ ከመዝሙሩ ጋር የሚበላም ነገር ይገባል።

ታዲያ አመሰገንነው? እኛ? በገዛ ጆሯችን አባረነዋል። ተባርሮ በማኅበሩ ስም የተቀመጠ ደግሞ ምን ይባላል? በምርጫ ቀን መረጥነው፣ በማግስቱ ሰላምታ ነሣነው፤ እስኪሞት እንዲሁ ኖርን። እሱም አባል ይሁን አይሁን ሳያውቅ፣ እያንጎራጎረ ሞተ። ካሳው የደረሳቸው ቤቶች የመቃብር ድንጋይ አቆሙለት። ከእነዚያው ቤቶች የወጣ አንድ እጅ በቢላዋ “አይጥ” ብሎ ቧጨረበት።

አሁን ቃሉ ይፋቅ የሚል ሐሳብ ለቅርንጫፉ ቀርቧል። ኤኖክ ዛሬም ሰብሳቢ ነው፤ ጥያቄውን ዛሬም በቃሉ ያውቀዋል። ሎቭዴይ ግን አርጅታለች፣ ጆሮዋም ከድቷታል፤ በዚህ ጊዜ ከኋላ ተነሥቶ ቀድሞ የሚጮህልን የለም። ስለዚህ አንባቢ ሆይ፣ ለአንተ ልተወው። እለምንሃለሁ፣ ይሁንም አይሁንም ከማለትህ በፊት፣ እጅህን ይዘህ ጫፉን ጠብቅ፦ ከጃቤዝ ትረጊር መቃብር ላይ እንዲፋቅ የተጠየቀው፣ አይጥ የሚለው ቃል፣