የከሰል ሪዝ

ደቡብ አፍሪካ ጻካኔ ሰፈር፣ ስፓዛ በሚሏት ትንሽ ሱቄ አንዲት ተማሪ ቫዝሊን ገዛችና እዚያው መስኮቱ ሥር ከደቀቀ ከሰል ጋር ለውሳ ከአፍንጫዋ በታች ሪዝ ሳለች። ለትምህርት ቤት ድራማ ነው አለችኝ። ሽታው በብረት ፍርግርጉ ገብቶ አገር ቤት፣ ሆሳዕና ከተማ አደረሰኝ።

አባቴም ሪዙን የሚሠራው እንዲሁ ነበር። የኪነት ቡድን ዘፋኝና አስቂኝ ተዋናይ ነበር፤ ጌታን ሲቀበል መድረኩን ተወ። እኛ ጴንጤዎች ዘንድ ዘፈን ከአረቄ እኩል ነው።

አንድ እሑድ ስለ ቀድሞ ሕይወቱ እንዲመሰክር ጉባኤው ፊት አቆሙት። የመድረኩን የንጉሥ ካባ ሳያወልቅ ሰክሮ ቦይ ውስጥ ማደሩን እያለቀሰ ነገራቸው። ሰው ግን ለቅሶውን ትወና መስሎት ሳቀ። አባቴ ይበልጥ ሲያለቅስ ይበልጥ ሳቁ፤ አንዷ እናት ሆዷን ይዛ ወጣች። በመጨረሻ ሽማግሌው ክንዱን ያዙና፣ "ወንድም፣ ትወናው ይብቃ፤ የእግዚአብሔር ቤት ነው" አሉት።

ወደ ቤት ስንሄድ ፊቱን በነጠላው ጠርጎ፣ "ልጄ፣ በቀልድ ዘመኔ እንኳ እንዲህ የሳቀልኝ የለም" አለኝ።

ከመዘምራኑ ልግባ ብሎ ቢለምንም ጉሮሮው ዓለማዊ ነው ተባለ። እስኪሞት ድረስ የኋላ ወንበር ላይ ከንፈሩን ገጥሞ ተቀመጠ። ሲሞት ግን ደህና አድርገው ዘመሩለት።

"ማይ ፍሬንድ፣ ያስቃል?" አለችኝ ልጅቷ። እዚህ የእኛ የመጤ ባለሱቆች ሁሉ ስም ይኸው ነው።

"በጣም ያስቃል" አልኳት ሳልስቅ።

አላመነችኝም። ፍርግርጉን በሁለት እጇ ይዛ እስክስቅ ድረስ ጠበቀች።