እትዬ ካውያና ስምንቱ ጭልፊቶች

እትዬ ካውያ የሚሏት ያልተተኮሰ ነገር ማየት ስለማይሆንላት ነው። የአቧራ መወልወያ ጨርቅ ሳይቀር ትተኩሳለች። ባሏ በሕይወት ሳለ ጋዜጣውን ተኩሳ ነበር የምትሰጠው፤ እሱም፣ ነፍሱን ይማረውና፣ ሙቀቱ ሳይበርድ ያነበው ነበር።

ሥራዋ ሙዚየም ውስጥ ፅዳት ነው። ከኋላ፣ ለሕዝብ የማይከፈት አንድ ክፍል አለ፤ ጥጥ የተጎሰጎሰባቸው የደረቁ ወፎች በመሳቢያ በመሳቢያ የተኙበት። በእያንዳንዱ ወፍ እግር ላይ ትንሽ ካርድ ታስሯል፦ ምን እንደሆነ፣ ከየት እንደመጣ፣ መቼ። ከፅዳት ሠራተኞች ሁሉ የዚያ ክፍል ቁልፍ የተሰጣት እሷ ብቻ ናት። ሃያ ሁለት ዓመት አንገቷ ላይ አንጠልጥላው ኖራለች፤ ሌሎች ሴቶች ሐብል እንደሚያደርጉት።

ማክሰኞ ዕለት የጭልፊቶቹን መሳቢያ ስትከፍት ካርዶቹ ከእርጅና ብዛት ተጠቅልለዋል። ሐሙስ ደግሞ ከሩቅ አገር አንዲት ምሁር ጭራቸውን ልትለካ ትመጣለች። እንግዳ በተጨማደደ ነገር አይቀበሉትም። ስምንቱንም ክር በጠሰች፣ ካርዶቹን በመሐረብ ቋጥራ ቤቷ ወሰደች፣ በሁለት ጨርቅ መሀል አድርጋ በለዘብተኛ ሙቀት ተኮሰቻቸው። እንዲህ ያማረ ሥራ እጇ ሠርቶ አያውቅም።

ረቡዕ ጠዋት ካርዶቹን ይዛ መሳቢያው ፊት ቆመች። ስምንት ጭልፊቶች በጀርባቸው ተኝተው በጥጥ ዓይናቸው ጣሪያ ያያሉ። የትኛው ካርድ የየትኛዋ ነው?

በር ላይ የሚቀመጠው ዘበኛ፣ የዕድሜ እኩያዋ፣ አንገቱን ብቅ አደረገ።

«ምነው ፊትሽ አመድ መሰለሳ?»

«ቁልፌ ሄደ» አለችው። ቁልፉ አንገቷ ላይ ተንጠልጥሎ ያየዋል። ካርዶቹን ማምታታቷንና ቁልፉን እንደሚቀሟት ስታስረዳው ትከሻውን ሰበቀ።

«ጭልፊት ያው ጭልፊት ነው። ጫጩት እስከነጠቀ ድረስ ስሙ ምን ያደርግልሻል?»

«ሁለት ዓይነት ናቸው። ቀይና ጥቁር።»

«ሁሉም ቡናማ ናቸው እኮ!»

«እሱን ስም ላወጡላቸው ንገር።»

ከመደርደሪያው ላይ ትልቁን የወፎች መጽሐፍ አወረደች። ትምህርቷ ከአራተኛ ክፍል አላለፈም፤ መስመሩን በጣቷ እየተከተለች አነበበች። ጭልፊቶች ከንስር ጋር በአንድ ትልቅ ቤተሰብ ይመደባሉ። በዚያ ቤተሰብ ውስጥ ቀይዋና ጥቁሯ የእህትማማች ያህል ይቀራረባሉ፤ አልፎ አልፎም እርስ በርስ ይዋለዳሉ። ቀይዋ ዝገት የመሰለ ላባ፣ ነጣ ያለ ራስ፣ እንደ መቀስ አፍ በጥልቁ የተሰነጠቀ ጭራ አላት። የጥቁሯ ስንጥቅ ግን ትንሽ ነው፤ ጭራዋን ስትዘረጋው ጨርሶ ይጠፋል።

ሦስት ቀይ፣ አምስት ጥቁር ሆኑ። ከዚያ በኋላ ያለው የማስታወስ ጉዳይ ነበር። ያቺ ጥፍሯ የተሰበረባት፣ ካርዷ ላይ የቀለም ጠብታ አለ። ያቺ ብል ክንፏን የበላት፣ ካርዷ «ከወንዝ ዳር» የሚለው ነው። ሃያ ሁለት ዓመት አቧራቸውን ስታራግፍ እንደ ጎረቤት ለምዳቸዋለች። እስከ ምሳ ሰዓት ስድስቱን አሰረች። ሁለት ጥቁሮች ቀሩ፤ ቁርጥ መንታ። አንደኛው ካርድ «ከወደብ» ይላል፣ ሌላው «ከተራራ ግርጌ»።

«ዓይንሽን ጨፍነሽ እሰሪው» አለ ዘበኛው። «የሞተ ወፍ ማንን ይከሳል?»

እውነቱን ነው፤ ማን ያውቃል? ክሩን አነሳች። መጽሐፉ ግን እንደተከፈተ ነበርና ዓይኗ አንድ መስመር ላይ አረፈ፦ ቀይ ጭልፊት ጎጆዋ ላይ ቡትቶ ታነጥፋለች፤ ከገመድ ላይ የተሰጣ ልብስም ትወስዳለች።

እጇ ቆመ። አዲስ ሙሽራ ሳለች ነጭ ሻርፗ ከገመድ ላይ ጠፍቶባት ነበር። ግቢው ውስጥ የነበረችው የባሏ እህት ብቻ ናት። ሲወሰድ ያየ የለም። እሷ ግን የወሰደችው እህቱ ናት ብላ ገመተች፣ የገመተችውንም ጮክ ብላ ተናገረች። ሠላሳ ዓመት አለፈ። ባሏ ሲቀበር እንኳ ሁለቱ ሴቶች ጉድጓዱን መሀል አድርገው ወዲያና ወዲህ ነው የቆሙት።

«ምን ትጠብቂያለሽ?» አለ ዘበኛው።

«አንዴ ገምቻለሁ፤ ይበቃኛል» አለችና ክሩን አስቀመጠች።

የሙዚየሙ ኃላፊ ወጣት ነው። ሁለቱን ካርዶች ጠረጴዛው ላይ አኖረችለት፤ ቁልፉንም ከአንገቷ አውልቃ አጠገባቸው አደረገች። ሁሉንም ነገረችው። አንዱን ካርድ አንስቶ ወደ ብርሃኑ ያዘው።

«ተኩሰውታል?»

«በለዘብታ።»

ካርዱን መልሶ አስቀመጠ። «እትዬ፣ የመጣችበት ያልታወቀ ወፍ እኮ ላባ ብቻ ናት።»

«ስለማውቅ ነው ያልገመትኩት።»

ፖስታ አወጣና ካርዶቹን ከተተ። ላዩ ላይ በእጇ እንዲህ ብላ እንድትጽፍ አደረጋት፦ «አንዱ የአንዷ፣ ሌላው የሌላዋ ነው። የትኛው የየትኛዋ እንደሆነ አይታወቅም።» ከዚያ ቁልፉን በጣቱ ወደ እሷ ገፋ።

«ካርድ ከዚህ ክፍል አይወጣም» አለ። «ካውያም አይገባም።»

ሐሙስ ምሁሯ መጥታ ስምንቱንም ለካች፤ ሁለቱን ለብቻ መዘገበች። ስለ ካርዶቹ ማማር ምንም አላለችም።

እሑድ እትዬ ካውያ የባሏን እህት በር አንኳኳች። ሴትዮዋ ከፍታ አየቻት፤ ሰላምታ አልሰጠቻትም።

«ሻርፔን ወፍ ሳትወስደው አልቀረችም» አለች እትዬ ካውያ።

«ሠላሳ ዓመት ቆይተሽ፣ ወፍ ናት ልትዪኝ መጣሽ?»

«ሳትወስደው አልቀረችም ነው ያልኩት። አላየሁም።»

ሴትዮዋ በሩን ትንሽ ሰፋ አደረገችው።

«ያኔስ አይተሽ ነበር?»

«ያኔም አላየሁም።»

«እንግዲያ ግቢ» አለቻት፤ «ጫማሽን ጥረጊ ብቻ።»