ለሚካኤል የተሳለው አጎበር

አዲስ አጎበር ከላስቲኩ ሲወጣ የሚሸተው መድኃኒት አፍንጫዬን በነካኝ ቁጥር፣ እዚህ ጋምቤላ ሙቀት ውስጥ ተቀምጬ የተወለድኩበት አገር የኮሶዬ ብርድ ይመጣብኛል።

ኮሶዬ ደጋ ነው፣ ቢንቢ የሚባል አይታወቅም። አባቴ መተማ ለሰሊጥ አጨዳ ወርዶ በተመለሰ ቁጥር ታዲያ በቦርሳው ቢንቢ ይዞ እንዳይመጣ እጅግ እሰጋ ነበር፤ ዶሮ የሚያህል አውሬ መስሎኝ ቦርሳውን በዱላ ደብድቤ እናቴን አስቄያታለሁ። ያን ዓመት ግን ከቦርሳው የወጣው ገና ከላስቲኩ ያልተፈታ ነጭ አጎበር ነበር። እናቴ ዳሰስ አድርጋ ቆጥ ላይ ሰቀለችው።

ብዙም ሳይቆይ አባቴን ያንቀጠቅጠው ጀመር። እናቴ «ምች ነው፣ ላብ ይዞት ፀሐይ መትቶት ነው» ብላ ከጓሮ ዳማከሴ እየቀጠፈች፣ እያሸች፣ በአፍንጫው ታንጠባጥብለት ያዘች። በማግስቱ ተነሥቶ ሽሮ አማረኝ ሲል ተመስገን አልን፤ በሚቀጥለው ቀን ደግሞ ጋቢ በጋቢ ላይ ደርበንበት ጥርሱ ይንገጫገጫል። እኔ ምሰሶውን ተደግፌ የጋቢውን መነሣትና መውደቅ አያለሁ፤ ሲንቀጠቀጥ እፈራለሁ፣ ጸጥ ሲል የባሰ እፈራለሁ።

መተማ እየተመላለሰ ጨርቅ የሚነግደው ጎረቤታችን አያ ሰይድ ሊጠይቅ መጥቶ ገና ከበሩ አወቀው።

«አንቺ እታለም፣ የምን ምች ነው የምትይው! ይህ የቆላ ወባ ነው፣ ዛሬውኑ ጎንደር አድርሱት።» ዞር ሲል ቆጡ ላይ ያለውን አየ። «ምነው አያ ደሴ፣ አጎበር ይዘህ ሳለ? ቢንቢ ልትቀልብ ነው የወረድክ?»

አባቴ ፈገግ አለ። «የሚካኤል ነው። በደህና ብገባ መጋረጃ ተስዬ ነበር። የተኙበትን ለታቦት ይሰጣል እንዴ?»

ዳማከሴው ከእናቴ እጅ ወደቀ።

ማኪና ለምነን አሳፈርነው፤ ዘግይተን ኖሯል። ከጎንደር ያመጡልን አስከሬኑን ነው።

ኅዳር ሚካኤል ሲደርስ እናቴ ስለቱን ይዛ ወጣች። «በደህና ገብቶ ነበርኮ፣ ቤቱማ ደርሷል» ትል ነበር መንገዱን ሙሉ፣ ለእኔ ሳይሆን ለራሷ። ቅዳሴው ሲጀመር ከዕጣኑ መሐል ከተጋረደው አጎበር የዚያ መድኃኒት ሽታ መጣብኝ።

ዛሬ እናቴም የለችም፤ መጋረጃውም በሌላ ተተክቷል አሉ። እኔ ሲመሽ ውዳሴ ማርያሜን ደግሜ የአጎበሩን ጠርዝ ከፍራሹ ሥር እወትፋለሁ፤ ወትፌም አላምን ብዬ እንደገና እዳስሳለሁ። አባቴ ለታቦት ሳስቶ ያልተኛበትን ተኝቼበት ሲነጋልኝ፣ ተመስገን ልል አፌን ስከፍት ቃሉ ትንሽ ይዘገይብኛል።