ወንዝ ዳር የተቀመጠው እንስራ

ያኔ አዳማ ላይ ከሳሽና ተከሳሽ ነጠላቸው ተቋጥሮ ነበር የሚውሉት። ቁራኛ ይባላል። ፍርዱ እስኪሰጥ አብረህ ትቀመጣለህ፣ አብረህ ትሄዳለህ፤ ሜዳ ስትወጣ እንኳ ባላጋራህ ይከተልሃል። እኔም በጉልምስናዬ ከእህቴ ባል ጋር ተቋጥሬያለሁ። ሲያዛጋ እሰማዋለሁ፣ ሲስቅ እሰማዋለሁ። እስከ ዛሬ ሳስበው ደሜ ይፈላል።

እህቴ የተዳረችው ሶደሬ አጠገብ፣ አዋሽ ዳር ላለ ባለ እርሻ ነበር። ልጅ አልወለደችም። ባሏ ሌላ ሴት ቤቱ አስገብቶ ቁም ስቅሏን ያሳያት እንደነበር እናውቃለን፤ አውቀንም፣ "ትዳር ነው፣ ቻይው" እያልን መልሰን ሰደናታል። አንድ ጠዋት ሞተች የሚል መርዶ መጣልን።

እኔና እናቴ ስንደርስ አስከሬኗ ከወንዝ ወጥቶ እደጅ ተጋድሟል። ጎረቤቷ የሆኑ አንዲት የኦሮሞ ባልቴት እናቴን ወደ ጥግ ወስደው፣ "ያ ዋቀዮ! ልጅሽ ባዶ እጇን ወረደች፤ ራሷ ገባች" አሏት። እናቴ እንባዋን ዋጠችው። ራሱን ላጠፋ ሰው ፍትሐት የለም፤ ቤተ ክርስቲያን ቅጥር ውስጥም አይቀበርም። ከልጇ ጓዳ እንስራ አንሥታ ወንዙ ዳር ወስዳ አስቀመጠችው። ቄሱ ሲመጡ፣ "ውኃ ልትቀዳ ወርዳ አዳለጣት" ብላ መስቀል ይዛ ማለች። እኔም አጠገቧ ቆሜ ራሴን ነቀነቅሁ። እህቴ እንደ ክርስቲያን ተቀበረች፤ እኛም ትልቅ ነገር ያደረግን መስሎን ተጽናናን።

ከአርባዋ በኋላ ባልቴቷ አዳማ ድረስ መጥተው በፍርሃት የሸሸጉትን አወጡት። በዚያ ጠዋት ባልየው እህቴን እደጅ ገፍትሮ በሩን ዘጋባት። ከውስጥ ሆኖ፣ "አዋሽ እዚያ አለልሽ፤ ምን ትጠብቂያለሽ? ሂጂና ገላግይኝ!" ብሎ ጮኸባት። እሷም በሩን ጥቂት ደበደበችና ወደ ወንዙ ወረደች።

እናቴ ተው እያለችኝ ከሰስሁ።

ዳኛው ግራር ሥር ተቀምጠው በጥሞና ሰሙኝ። ክፉ ሰው አልነበሩም። "ሰውን በቃል ገፍቶ ለሞት ማብቃትም ደም ነው" አሉ። "ነገር ግን ሁለት ነገር አስረዳኝ። መጀመሪያ ራሷን መግደሏን፣ ቀጥሎ ይህ ሰው የገፋፋት መሆኑን።"

ባልቴቷ የሰሙትን ቃል በቃል ተናገሩ። ሸንጎው ከንፈሩን መጠጠ፤ ከኔ ጋር የተቋጠረው ሰውዬም አንገቱን ደፋ። ያዝኩህ አልሁ በሆዴ። ይሄኔ የሰውዬው ጠበቃ ብድግ አለ።

"ጌታዬ፣ ራሷን ገደለች ያለው ማን ነው? የገዛ እናቷ ምላለች፤ ቄሱ እዚሁ አሉ፤ ይጠየቁልኝ። ወንዙ ዳር የቆመውን እንስራ አገር አይቶታል። አዳልጧት ከሞተች ደንበኛዬ ማንን ገፋፋ?"

ቄሱ ተጠየቁ፤ የሰሙትን መሰከሩ። ሰውዬው አንገቱን ቀና ሲያደርግ በነጠላዬ በኩል ተሰማኝ። ዳኛው ወደ እናቴ ዞሩ።

"እናቴ፣ እውነቱን ይንገሩኝ። ልጅዎ አዳልጧት ነው ወይስ ራሷ ገብታ?"

"ራሷ ገብታ" ብትል ሰውዬው ተያዘ። ግን ቄሱ ፊት ለፊቷ ተቀምጠዋል፤ ልጄን ከቅጥሩ አውጥተው ሜዳ ይጥሉብኛል ብላ ፈራች። አየችኝ። እኔም በዓይኔ ተናገሪ፣ ተናገሪ እላታለሁ። እግዜር ይቅር ይበለኝ፣ በዚያች ሰዓት ከመቃብሩ ይልቅ ሰውዬውን ነበር የፈለግሁት። ዛሬም ሁለቱን የምፈልግ ሞኝ ነኝ።

"አዳልጧት ነው፣ ጌታዬ" አለች።

ቋጠሮው ተፈታ። ሰውዬው ነጠላውን አራግፎ፣ እናቴ ፊት ሄዶ እጅ ነሣ።

"እግዜር ያጥናዎት" አላት።

ሰው ሁሉ ያያል። ደንቡ ነውና እናቴ፣ "አሜን፣ አንተንም ያጥናህ" አለችው።