ባዶው የአውቶቡስ መስመር

ስኩተሮች በአውቶቡስ መስመር እንዲሄዱ ከተፈቀደ ሳምንቱ ነው። ትራፊክ ፖሊሷን ግን አንድ አዛውንት ግራ አጋብተዋታል። ሌላው ባዶውን መስመር አግኝቶ ሽው ሲል፣ እሳቸው ስኩተራቸውን ይዘው ከመኪናው ጭስ መሃል ፍንክች አይሉም። የለበሱት ሰማያዊ የደንብ ጃኬት አርማው ተነቅሎ፣ ቦታው ላይ ክሩ ብቻ ቀርቷል። ቀይ በበራ ቁጥር ቀኝ እጃቸው የሌለ የእጅ ፍሬን ፍለጋ ወደ ጎን ይወርዳል፤ ነቃ ብለው ይመልሱታል።

ዛሬ አላስቻላትምና ጠጋ አለቻቸው።

«አባባ፣ ተፈቅዷል እኮ! እዚህ ምን ያጋፋዎታል? ይግቡ እንጂ!»

«ሰምቻለሁ፣ ልጄ» አሉ፣ ከኋላ የሚመጣውን አውቶቡስ በመስታወት እያዩ። «እሱን ሃያ ዓመት ነድቼዋለሁ። ከዚያ ላይ ሆነው ሲያዩ ይህቺ ስኩተር የለችም። እኔም ያን የገጨሁትን ሰውዬ አላየሁትም ነበር።»